ከንፈሩ እንዳይንቀሳቀስ

«በሽታውማ ለቆታል። አሁን የቀረው ስንፍና ነው!»

ፀዳል ይህን የሰማችው በማለዳ፣ ፊቷን ልትታጠብ ሳፋው ላይ ጎንበስ እንዳለች ነው። ድምፁ የመጣው ከኮምፔንሳቶው ግድግዳ ማዶ፣ ከግቢው ነው፤ ተናጋሪዋም የቤቱ ባለቤት ሱሪያ ናት። ጅቡቲ ከተማ፣ ካርቲየ 2 ሰፈር ውስጥ ግድግዳ ማለት ለስሙ ያህል ነው፤ ጎረቤት ሲያስነጥሰው «ይማርህ» የሚባለው ከአልጋ ሳይነሱ ነው። «መርፌውን ይወጋል» አለች ሱሪያ፣ «አይጮህም፣ ሰው አይሳደብም፣ ሌሊት አይነሳም። ጤነኛ ነው እኮ! ታዲያ ጤነኛ ሰው ምድጃ ለኩሶ ጥሎ ይሄዳል? አንድ ነገር አምጣ ብለህ ብትልከው ደርሶ ባዶ እጁን ይመጣል። አንተ፣ ይሄ ሌላ ምንም አይደለም፣ ሥራ ጠልቶ ነው።» የሚሰማት ባንቲሁን ነበር፤ የፀዳል አጎት ልጅ፣ የከባድ መኪና ሹፌር፤ ወደብ ላይ ጭነት ሲጠብቅ ግቢው ውስጥ ምንጣፍ አንጥፎ ያድራል። ባንቲሁንም እንደ ሹፌር ጉሮሮውን ጠርጎ፣ «አይዞሽ፣ ካልሆነለት ዛሬ አመሻሽ ይዤው እሄዳለሁ» አለ። ፀዳል ውሃውን በእፍኟ እንደያዘች ቆየች። ከዚያ ፊቷን ታጠበች፤ ምን ይደረግ።

ወንድሟ ጀንበሬ ከኋላዋ አልጋው ላይ ተቀምጧል። እሱም ሰምቷል። ሁለቱም ያልሰሙ መሰሉ፤ በዚህ ቤት ውስጥ የሚነገረው ከማይነገረው በጣም ያንሳል። ከሦስት ሳምንት በፊት ጀንበሬ ሻይ ሊያፈላ ምድጃውን ለኮሰና ውሃ ሊቀዳ ወጣ። ቧንቧው ጋ ሲደርስ ለምን እንደመጣ ጠፋበት፤ ጥላ ፈልጎ ቁጭ አለ። መጋረጃው ተያያዘ። ሱሪያ እየጮኸች ሮጣ በባልዲ አጠፋችው፤ ባታጠፋው ኖሮ በዚያ ንፋስ መንደሩ ሁሉ ይነድ ነበር። እውነት ለመናገር ሴትዮዋ ብትቆጣ አይፈረድባትም። «ከእንግዲህ ብቻውን ቤቴ አይውልም፤ ወይ የሚውልበት ፈልጊለት፣ ወይ ወደ አገሩ ላኪው» አለች። ፀዳል ደግሞ እንጀራዋ ሰው ቤት ነው፤ ጠዋት ወጥታ ማታ ነው የምትገባው። ስንት ሰው ለምና በመጨረሻ እሺ ያላት ኑረዲን ነው፤ ገበያው ጠርዝ ላይ ለወደብ ሠራተኞችና ለሹፌሮች ፉልና ሻይ የሚሸጠው። «ዓርብ ይሞከር» አላት። «ሻይ ያመላልስ፣ ጠረጴዛ ያጽዳ። ከሆነለት እኔ ጋ ውሎ፣ እኔ ጋ በልቶ፣ ማታ ወዳንቺ ይመጣል።» ዓርብ ማለት እንግዲህ ዛሬ ነው።

ካልሆነለትስ? ካልሆነለት ባቲ ነው፤ የባንቲሁን አባት፣ ጋሽ ታዬ ቤት። ጋሽ ታዬ ክፉ ሰው አይደሉም። ጀንበሬ መጀመሪያ የታመመ ጊዜ ጓዳ ውስጥ በገመድ ያሰሩት እያለቀሱ ነው፤ ጠበል የወሰዱትም በራሳቸው ገንዘብ ነው። ይሁንና ገመድ ገመድ ነው። የጀንበሬ ግራ እጅ አንጓ ላይ ምልክቱ ዛሬም አለ፤ ፀዳል ሸሚዝ ስታለብሰው እጅጌውን እስከ ታች የምትቆልፍለት በዚህ ሙቀት ያን ላለማየት ነው። ከባንቲሁን ጋር ይህን ያህል ዓመት ሲገናኙ አንድም ቀን ስለ ገመዱ አንስተው አያውቁም። ስለ ጤና ይጠያየቃሉ፣ ስለ ጤፍ ዋጋ፣ ስለ ጋላፊ ኬላ ወረፋ ያወራሉ፤ ከዚያ እሱ ጫቱን፣ እሷ የምታጥበውን ልብስ ያነሳሉ።

ጀንበሬ ጫማውን ሊያደርግ ጎንበስ ብሏል። ከንፈሩ ይንቀሳቀሳል። «ሸሚዝ ለብሻለሁ። ቀጥሎ ጫማ። ቀኙ ይሄ ነው። ቀጥሎ ክሩ።» ድምፁ ከትንፋሽ አይበልጥም፤ ግን ይሰማል። ይሄ ማጉረምረም ሲስተር ሙኒራ ያመጣችው ጣጣ ነው፤ ፀዳል እንደዚያ ነው የምታስበው። ሲስተር ሙኒራ ድሬዳዋ ያደገች የጅቡቲ ልጅ ናት፤ አማርኛዋ ከፀዳል ይፈጥናል። ማክሰኞ ማክሰኞ ከሰዓት ሆስፒታሉ ጓሮ ባለች ክፍል አምስት ስድስት በሽተኛ ሰብስባ ታለማምዳለች። «መርፌው የሚሰማውን ድምፅ ዝም ያሰኝለታል እንጂ ሐሳቡን አይሰበስብለትም» ብላ አስረድታት ነበር። «የነገሩትን መያዝ፣ ቀጥሎ የሚመጣውን ማወቅ፣ የጀመሩትን መጨረስ፣ ይሄ ነው የተጎዳበት። ሰነፍ እንዳይመስልሽ። እግሩ የተሰበረ ሰው መራመድ እንደሚለማመደው ነው፤ ቀስ ብሎ ነው የሚመጣው፣ ሁሉም ላይመለስም ይችላል።» ከዚህ በኋላ ሌላም ብላለች፤ ግን ፀዳል እንቅልፍ ወሰዳት። ምን ታድርግ፣ ከሌሊቱ አሥራ አንድ ሰዓት ጀምሮ ቆማ የዋለች ሴት ክሊማ የሚሉት ማቀዝቀዣ ያለበት ክፍል ውስጥ ለስላሳ ወንበር ላይ ሲያስቀምጧት! ስትነቃ ያየችው ሠላሳ ዓመት ያለፈው ወንድሟ ባለቀለም ካርቶን እየደረደረ «መጀመሪያ ቀዩ፣ ቀጥሎ ክቡ» ሲል ነው። ይሄ ልጅ እኮ ትራንዚት ቤት ሲሠራ የኮንቴይነር ቁጥር በቃሉ ይዞ ከመርከብ መርከብ የሚሮጥ ነበር። ደግሞ ማጉረምረሙን ታውቀዋለች። በበሽታው ጊዜም ከንፈሩ እንዲሁ ነበር የሚንቀሳቀሰው፤ ያኔ የሚያናግረው ማንም የማያየውን ሰው ነበር። ከዚያ ቀን ወዲህ ወደዚያ ክፍል አልገባችም፤ ከሥራ ለትንሽ ጊዜ እያስፈቀደች በር ላይ ታደርሰዋለች፣ በር ላይ ትቀበለዋለች።

የሱሪያ ንግግር ገና ጆሮዋ ውስጥ ነው። አጠገቡ ተንበርክካ ኮሌታውን አስተካከለችለት።

«ጀንበርዬ፣ በሞቴ፣ ዛሬን ብቻ አፍህን ዝጋልኝ።»

«ሲስተር ሙኒራ ግን መጀመሪያ ጮክ ብዬ፣ ቀጥሎ በሹክሹክታ፣ ቀጥሎ በልቤ ነው ያለችኝ። እኔ ገና ሹክሹክታው ላይ ነኝ፣ እታለም።»

«ሲስተር ሙኒራ እዚያው ሆስፒታሏ! ኑረዲን ቤት የሚገባው ብዙ ዓይነት ሰው ነው። ለብቻህ ስታወራ ካየህ አበደ ነው የሚልህ። ከንፈርህ እንዳይንቀሳቀስ። እሺ በለኝ።»

ጀንበሬ ትንሽ አሰበ። «እሺ» አለ። እሺ ካለ እሺ ነው፤ ይህን ጠባዩን በሽታውም አልወሰደበትም።

ኑረዲን በር ድረስ አድርሳው፣ ሲገባ ከኋላው አይታ፣ ሚኒባስ ተሳፈረች። የምትሠራበት ሰፈር፣ ሆዳን፣ እስኪደርሱ ያለው መንገድ ሁሉ አቧራ ነው፤ የሐምሌ ንፋስ አሸዋውን በመስኮት ይረጨዋል፤ ተሳፋሪው በሻርፑ አፉን ይሸፍናል። ዓርብ ለሌላው የዕረፍት ቀን ነው፤ ለአሠሪዋ ለማዳም ዓዚዛ ግን የምሳ ግብዣ ቀን ነው። የማዳም ቤት አዲስ ነው፤ ወለሉ ነጭ ሰድር፣ ሳሎኑ በክሊማ የቀዘቀዘ፣ ወጥ ቤቱ ግን ክሊማ የሌለበት። ለምን እዚያ እንዳልተገጠመ ፀዳል ጠይቃ አታውቅም። ዓሣውን አጸዳች፣ ሩዙን ለቀመች፣ ሽንኩርቱን ከተፈች፤ እጇ እዚህ ነው፣ ልቧ ኑረዲን ቤት። አሁን የመጀመሪያዎቹ ገብተዋል። አሁን ሻይ አዘዙ። አሁን ምን አለ? ማዳም አልፎ አልፎ ብቅ እያለች በሶማልኛና በፈረንሳይኛ ታወራለች፤ የዓሣ ዋጋ እንዴት እንደወጣ፣ መብራቱ ከኢትዮጵያ ይመጣል ተብሎ ሒሳቡ ግን እንዳልቀነሰ፣ የባሏ እህት ዛሬም አርፍዳ እንደምትመጣ። ፀዳል «ዊ ማዳም» ትላለች። ለመስማት እንኳን አቅም ይፈልጋል።

ሰባት ሰዓት ሊሆን ሲል እንግዶቹ መብላት ጀመሩ፤ ማዳምም ዕቃው ለነገ ይቆይ ብላ ለቀቀቻት። ፀዳል ሽርጧን አወለቀች። ያ መጋረጃ ከተቃጠለ ወዲህ የሰው ቤት ጥላ ስትወጣ አንድ ልማድ ይዛለች፤ በጣቷ እየነካች፣ «ጋዙን ዘግቻለሁ። የኋላውን በር ቆልፌያለሁ። ቁልፉ እዚህ ነው» ትላለች። ማዳም ዓዚዛ በሩ ላይ ቆማ ሳቀችባት።

«ፀዳል፣ ከማን ጋር ነው?»

«ከራሴ ጋር ነው፣ ማዳም።»

«ጎበዝ! እኔም በዚህ ቤት ከራሴ ሌላ የሚሰማኝ የለም» አለችና በፌስታል ሩዝ ቋጥራ ሰጠቻት። ፀዳል አመስግና ወጣች።

ሰባት ሰዓት የከተማው ጉድ የሚታይበት ሰዓት ነው። ጫቱ ደርሷል። ከኢትዮጵያ የመጣው መኪና ክላክሱን እያስጮኸ ሲገባ ሰው ሁሉ ከያለበት ይወጣል፤ ፀዳል የተሳፈረችበት ሚኒባስ ሹፌር ራሱ መሀል መንገድ ላይ አቁሞ ወርዶ፣ እስሩን በብብቱ ይዞ ተመለሰ። ተሳፋሪው አንድም ቃል አልተናገረም። ለዚህማ ማን ይቆጣል! ፀዳል ብቻ በልቧ ተቆጣች፤ ከዚያ ወርዳ በእግሯ ሄደች። ሙቀቱ ከላይም ከመሬትም ይመጣል። የገበያው ጠርዝ ስትደርስ ጫት ሻጮቹ ሴቶች በእርጥብ ጆንያ በተሸፈነ ጠረጴዛቸው ላይ እየጮኹ ይሸጣሉ፤ የኑረዲን ቤት ግን ባዶ ሆኗል። ሰው በልቶ ወደ ጫቱ ሄዷል። ኑረዲን ጠረጴዛ ያጸዳል፤ ራሱ።

ጠረጴዛውን ኑረዲን ራሱ ሲያጸዳ ስታይ ገባት።

«ግቢ እህቴ፣ ውሃ ጠጪ መጀመሪያ» አላት። ጀንበሬ ከጓሮ በኩል ባለች የለስላሳ ሣጥን ላይ ተቀምጧል፤ ሁለት እጁን ጉልበቱ ላይ አድርጎ፣ ጀርባውን ሰጥቷት። ኑረዲን ድምፁን ዝቅ አደረገ። ጠዋት አንድ አንድ ሰው ሲገባ ደህና ነበር፤ አንድ ሻይ አምጣ ሲሉት አንድ ሻይ አመጣ፣ ትሕትናውም ደስ ይላል። ከጁምዓ ሶላት በኋላ ግን ሹፌሮቹ በአንድ ጊዜ ገቡ። አንዱ ሻይ ያለ ስኳር፣ አንዱ ሻይ በወተት፣ አንዱ ፉል ቃሪያ የበዛበት፣ አንዱ ፉል ሽንኩርት የሌለው። «ልጁ ወጥ ቤት ድረስ መጣና ምን እንደሆነ ጠፋው። ተመልሶ ጠየቃቸው። እንደገና መጣ፤ እንደገና ጠፋው። በመጨረሻ ትሪውን ይዞ መሀል ቤት ቆመ፣ ፀዳል። ቆመ! ‹ተናገር እንጂ› እለዋለሁ፤ አፉን ግጥም። አንዱ ጮኸበት፤ አፉን ግጥም። ያጎትሽ ልጅም እዚያው ጠረጴዛ ላይ ነበር፤ አፍሮ አንገቱን ደፋ።» ኑረዲን ጨርቁን ጨመቀ። «ጨዋ ልጅ ነው፤ አላህ ይማረው። ሥራ ግን አይሆንለትም። ትቆጪኝ ይሆናል።»

«አልቆጣም» አለች ፀዳል። እውነትም አልተቆጣችም፤ ለቁጣም ጉልበት ያስፈልጋል። ጀንበሬን በክንዱ ይዛ አስነሳችው፤ ኑረዲን በጋዜጣ የጠቀለለላቸውን ፉልና ዳቦ ይዘው ወጡ። መንገዱን ሙሉ እሷ የምታስበው የልብሱን ቦርሳ ነው፤ የት እንዳስቀመጠችው፣ ዚፑ ይሠራ እንደሆነ። ባንቲሁን አሥራ አንድ ሰዓት ላይ እመጣለሁ ብሏል።

ቤት ገብተው ቬንትሌተሩን ከፈተች። ቦርሳውን ከአልጋው ሥር ጎትታ አወጣች፤ ሁለት ሱሪ፣ ሦስት ሸሚዝ፣ ፎጣ፣ የሆስፒታል ካርዱን። ባቲ መርፌው ይገኝ ይሆን? ደሴ ይገኛል ይላሉ። ማን ነው ደሴ የሚያመላልሰው? እያጠፈች ታስባለች፤ እያሰበች ታጥፋለች። በመጨረሻ አላስችል አላት።

«ቆይ አንተ፣ መልስ ሲሉህ እንኳን ምን ነበረበት አንድ ቃል ብትናገር? ሰዎቹን ‹ድገሙልኝ› ብትላቸው?»

ጀንበሬ ቀና አለ። ያኔ ነው ከንፈሩን ያየችው። የታችኛው ከንፈሩ አብጧል፤ ጥርሱ ያረፈበት ቦታ ተሰንጥቆ ደም ደርቆበታል። ከአገጩ ሥር ሸሚዙም ላይ ጠብታ አለ፤ መንገዱን ሙሉ ክንዱን ይዛ ስትመጣ አንድ ጊዜ ዞር ብላ አላየችውም።

«ማነው የመታህ?» አለች፣ ድምጿ ከፍ አለ።

«ማንም አልመታኝም። እንዳይንቀሳቀስ ነው።»

«ምኑ?»

«ከንፈሬ። እንዳይንቀሳቀስ አልሽኝ እኮ፣ እታለም። ሲበዛብኝ ሊንቀሳቀስ ሲል ነከስኩት።» እንደ ቅሬታ አልተናገረውም፤ እንደ ሥራ ሪፖርት ነው። «ሲያዙኝ በአፌ ነው የምይዘው። በአፌ ካልያዝኩት ይወድቅብኛል። ሁለት ሲሆን እችላለሁ። አራት ሲሆን ግን ይወድቃል።»

ፀዳል የያዘችውን ሸሚዝ ይዛ አልጋው ጫፍ ላይ ተቀመጠች። ቬንትሌተሩ አንዴ ወደሷ፣ አንዴ ወደሱ ይዞራል። ጋዙን ዘግቻለሁ፣ በሩን ቆልፌያለሁ፣ ቁልፉ እዚህ ነው። ዛሬ ቀትር ላይ ለብቻዋ ስታወራ ማዳም ዓዚዛ ጎበዝ ብላታለች፤ ሩዝም ሰጥታታለች። ማንም በገመድ አላሰራትም። እንቅልፍ ወስዷት ሳትሰማው የቀረችው የሲስተር ሙኒራ ነገር ምን ሊሆን እንደሚችል አሁን ገባት፤ ሲስተር ሙኒራ ማጉረምረሙን እግሩ እንደተሰበረ ሰው ክራንች አስተምራ ሰጥታው፣ እህቱ ጠዋት በእጇ ነጥቃ ሩጥ አለችው። አለቀሰች። ጮክ ብላ አይደለም፤ ግድግዳው ኮምፔንሳቶ ነው። ጀንበሬ ፎጣውን ከቦርሳው አውጥቶ ሰጣት።

አሥራ አንድ ሰዓት ሳይሞላ ባንቲሁን መጣ። ጉንጩ በጫት ተወጥሯል፣ ቁልፉን በጣቱ ያሽከረክራል። ሱሪያም ልትሰናበት ነው መሰለኝ ወንበሯን ወደ በሩ አስጠግታለች። «ተዘጋጅቷል?» አለ ባንቲሁን። «ኬላው ላይ ረዳቴ ነው ብዬ አሳልፈዋለሁ። ቶሎ በሉ፣ ማዳበሪያ ጭኛለሁ።»

«አይሄድም» አለች ፀዳል።

«ፀዱ፣ በዓይኔ አይቼዋለሁ እኮ። ትሪ ይዞ ሐውልት ሆነ። የት ልታደርጊው ነው?»

«እኔ እንጃ። አይሄድም።»

«አባቴን ምን ልበለው? ክፍል አጽድቶ ነው የሚጠብቀው።»

ፀዳል አየችው። ስንት ዓመት የዋጠችው ነገር ነው፤ ሲወጣ እንኳን አልከበዳትም። «ገመዱን ለከብት ያድርጉት በላቸው» አለች።

ባንቲሁን ቁልፉን ማሽከርከር አቆመ። ወደ ጀንበሬ አየ፣ ወደ እጅጌው አየ፣ ከዚያ መሬት መሬት ማየት ጀመረ። ሱሪያ ብቻ ናት አፍ ያገኘችው። «እና እኔስ? ቤቴን እስኪያነደው ልጠብቅ ነው?»

ፀዳል ወደ ወንድሟ ዞራ፣ ሁሉም እየሰማ፣ «ጀንበሬ፣ ሱቅ ሂድልኝ። ዳቦ፣ በረዶ፣ ክብሪት» አለችው። ገንዘብ ሰጠችው። «በአፍህ ይዘህ ሂድ። ጮክ ብለህ። ማንም ቢስቅ እንዳታቆም።»

ጀንበሬ ወደ ሱሪያ አየ። ወደ ባንቲሁን አየ። የቆሰለውን ከንፈሩን በምላሱ አራሰና፣ «ዳቦ። በረዶ። ክብሪት» አለ፤ መጀመሪያ በሹክሹክታ፣ ከበሩ ሲወጣ ግን ጮክ ብሎ። ድምፁ በጠባቡ መንገድ እየራቀ ሄደ። ልጆች ሳቁ፤ አንዲት ሴት በሶማልኛ የሆነ ነገር አለች። ድምፁ አልቆመም። ከዚያ ራቀና አልሰማ አለ፤ ግቢው ውስጥ ያሉት ሦስቱም ምንም የማያዳምጡ መስለው ያዳምጣሉ። ባንቲሁን ሰዓቱን አየ፤ ግን አልሄደም። ፀዳል ሲዘገይ ጊዜ መጥፎ መጥፎውን አሰበች፤ መንገድ ላይ ቆሟል፣ ጥላ ሥር ተቀምጧል፣ እኔው ነኝ ደግሜ ያዋረድኩት። እግሯ ሊሄድ ሲል መለሰችው።

ቆይቶ መጣ። በረዶው በፌስታል ሆኖ ደረቱ ላይ ይንጠባጠባል፤ ዳቦው በብብቱ ነው። በሩ ላይ ሲደርስ ቆመ። ፀዳል ክብሪት እንደሌለ አየች፤ ሱሪያም አየች፣ አፏንም ልትከፍት ነበር። ጀንበሬ ግን እጁን አየና፣ «ዳቦ፣ አለ። በረዶ፣ አለ። ክብሪት...» አለ። ሁለቱን ዕቃ ቀስ ብሎ ሱሪያ ጉልበት ላይ አስቀመጠና ማንም ምንም ሳይለው፣ «ክብሪት፣ ክብሪት» እያለ ተመልሶ ሄደ።

ሱሪያ በረዶው ቀሚሷን ሲያርሰው ብድግ አለች፤ ግን አልጮኸችም። ባንቲሁን ከኪሱ የቀረችውን የጫት ዘለላ አውጥቶ ወንበሯ ላይ አኖረላትና፣ «በይ ፀዱ፣ ለአባቴ እነግረዋለሁ» ብሎ ወጣ። ምኑን እንደሚነግራቸው አልተናገረም። ፀዳል በረዶውን ተቀብላ ማሰሮው ላይ መሰባበር ያዘች። ሥራው አልተገኘም፤ መዋያው አልተገኘም። ኑረዲን እንደገና እሺ ይላል ብላ አታምንም፤ ሱሪያም የመጋረጃውን ነገር አትረሳም፤ ማዳም የማክሰኞን ከሰዓት ሙሉውን ፈቃድ ስትጠየቅ ፊቷ ምን እንደሚመስል ታውቀዋለች። ወገቧን ያማታል። እየሰበረች ነው ለራሷ መናገር የጀመረችው፤ «ነገ ኑረዲን ጋ እሄዳለሁ። ከንፈሩን ፈትቶ አንድ ቀን ይሞክር እለዋለሁ። ቀጥሎ ማክሰኞ። ማክሰኞ ክፍሉ ውስጥ እገባለሁ። እንቅልፍ እንዳይወስደኝ ቆሜ እሰማለሁ።»

ሱሪያ ቀሚሷን እያራገፈች በበሩ አየቻት።

«አንቺንም ጀመረሽ እንዴ?»

«ጀመረኝ፣ እትዬ ሱሪያ» አለች ፀዳል፣ ከበረዶው ቀና ሳትል። ከመንገዱ ማዶ «ክብሪት» የሚለው ድምፅ እየቀረበ ነበር።